የእትዬ ፈለቀች ቴሌቪዥን

ሙሚና የጠዋቱን ወተት ይዛ ስትመጣ በሩ ገርበብ ብሎ ነበር።

እትዬ ፈለቀች በር ከፍተው የሚያድሩ ሴት አይደሉም። ብቻዋን የምትኖር ሴት ጭሮ ከተማ ላይ በሯን ሳትቀረቅር አትተኛም። ሙሚና ግን የዘመናት ጎረቤት ናት፤ ብዙም አላሰበችበት። በእግሯ ገፋ አደረገችውና ገባች።

«እትዬ! ነጋ እኮ!»



አሮጊቷ ወንበራቸው ላይ ነበሩ። ዓይናቸው ስለደከመ ወንበሩ ቴሌቪዥኑ አፍንጫ ሥር ነው የሚቀመጠው። አንገታቸው ወደ ጎን ወድቋል። አፋቸው ተከፍቷል። አንድ ጫማቸው ከእግራቸው ወልቆ ርቆ ሄዷል።

«ማል ታቴ? ምን ሆንሽ እትዬ?»

እጃቸውን ያዘች። እንደ ድንጋይ ቀዝቅዟል።

የወተቱ ጆግ ከእጇ አመለጠ። ወተቱ ወደ ፊት ተረጨ፤ ከዚያ መሬት ለመሬት ሄደ። ሙሚና ዞር ብላም አላየችው። «ኡ! ኡ! ጎረቤት!» እያለች ወጣች።

ፀሐይዋ ከተራራው ብቅ ሳትል ግቢው በሰው ሞላ።

ሳጅን ጣሂራ ስትደርስ ሬሳው አልጋ ላይ ተጋድሟል። አፉ ታስሯል። ዓይኑ ተከድኗል። ወለሉ ተጠርጓል።

«ማን አነሳቸው?» አለች።

«እኛ ነና» አለች አንዷ ሴት። «ሰው ወንበር ላይ ተቀምጦ ይለቀስለታል እንዴ?»

ለቅሶ ቤት የገባ ፖሊስ ሁሌም ከሴቶቹ ኋላ ነው የሚደርሰው። ጣሂራ አልጋው ጠርዝ ላይ ቁጢጥ ብላ የሟችን አንገት አየች። አንድ ነገር ቀፈፋት።

ኢንስፔክተር ተስፋዓለም በሩ ላይ ቆሟል። «ሰባ ሊሞላቸው ነው፤ አስም አለባቸው» አለ። «በቃ አስም ገደላቸው። ቤተሰቡ ይቅበር።»

«አስም ነው የገደላቸው። መድኃኒታቸውስ የት ሄደ?» አለች ጣሂራ።

«የምን መድኃኒት?»

«የሚነፋው። ሰማያዊው። በጥቁር ክር አንገታቸው ላይ አንጠልጥለውት ነበር የሚዞሩት። ገበያም፣ ቤተ ክርስቲያንም። እኔ እንኳ አውቀዋለሁ።»

«ወድቆ ይሆናል።»

«ይፈለግ።»

ተፈለገ። አልጋ ሥር፣ ወንበር ሥር፣ የስፌት መኪናው መሳቢያ ውስጥ፣ ጓዳ። የለም።

«እዚህ ጋ እይ» አለች ጣሂራ። ማጅራታቸው ላይ ቀጭን ቀይ መስመር አለ። «ክሩ ተጎትቷል። ሰው ነው የበጠሰው።»

ተስፋዓለም ጎንበስ ብሎ አየ። ቆቡን አወለቀ። «ሬሳው ሆስፒታል ይሂድ» አለ።

ግቢው ውስጥ ያለው ለቅሶ ሹክሹክታ ሆነ።

እትዬ ፈለቀችን ጭሮ ላይ የማያውቅ የለም። የሚያውቃቸው ሰው ሁሉ ደግሞ የሚያውቃቸው በአንድ ነገር ነው፤ ቴሌቪዥን ላይ ወጥተው ነበር።

በጥቁርና ነጩ ጊዜ ነው። ቴሌቪዥን ያለው ሰው በጣት በሚቆጠርበት ጊዜ። ኮረዳ ሳሉ አዲስ አበባ ሄደው ድራማ ውስጥ ገቡ። ዋና ሆነው አያውቁም። የቤት ሠራተኛ ነበሩ። በር ይከፍታሉ፤ «እንግዳ መጥቷል» ይላሉ፤ ሻይ ያስቀምጡና ይወጣሉ። ዋናዋ ሴት ስታለቅስ መሐረብ ያቀብላሉ። ሌላ ጊዜ ነርስ፣ ሌላ ጊዜ ደግሞ ሮጣ መጥታ መርዶ የምትነግር ጎረቤት። ዓመት ሙሉ ሠርተው አንድ ሙሉ ገጽ የሚሞላ ንግግር አላገኙም።

ክፉው ነገር ሌላ ነው። ድራማው የሚተላለፈው በቀጥታ ነበር። እነሱ መብራቱ ሥር ቆመው ሲሠሩ ሕዝብ እቤቱ ያያል። ስለዚህ ራሳቸውን አያዩም። ካሴት ውድ ስለነበር ቢቀዳም የዛሬው ተደምስሶ የነገው ይቀዳበታል። እትዬ ፈለቀች የሠሩትን አንዱንም ሳያዩ ነው ያረጁት።

ወጣትና ቆንጆ ሲመጣ «በቃሽ» ተባሉ። ጭሮ ተመለሱ። የስፌት መኪና ገዙ። የሰው ቀሚስ ሲያሳጥሩ ኖሩ። የሰፈር ልጆች አጥራቸውን እየደበደቡ «እንግዳ መጥቷል!» ብለው ይሮጣሉ። እሳቸው ከውስጥ «ጫማውን አስወልቀህ አስገባው!» ይላሉ። ሲቆጡ ያያቸው የለም።

የሚቆጡት በአንድ ነገር ብቻ ነው። ቴሌቪዥናቸው ከተነካ።

ቀን ከሌት ክፍት ነው። «አንድ ቀን የድሮውን ያሳያሉ» ይላሉ። «ያን ቀን ተኝቼ እንዳያልፈኝ።» እህታቸው እንቁ የሞተች ጊዜ ለቅሶው እዚሁ ቤት ነበር። እንደ ወጉ የእድር ሴቶች ነጠላ ይዘው ቴሌቪዥኑን ሊሸፍኑ መጡ። ለቅሶ ቤት ቴሌቪዥን አይከፈትም፤ ጨርቅ ይጣልበታል። ይህን የማያውቅ የለም። እትዬ ፈለቀች ግን ፊቱ ተገትረው «እዚህ ላይ ማንም ጨርቅ አይጥልም!» አሉ። የእህታቸው ሬሳ ሳይወጣ ድምፁን ብቻ አጥፍተው ምስሉን እያዩ አለቀሱ። ከተማው ይህን ስንት ጊዜ አወራው!

አሁን ያ ቴሌቪዥን ነጭ ነጠላ ለብሶ ጥጉ ላይ ቆሟል። የሞቱት እሳቸው ናቸው፤ ማን ይከልክል?

የሺሐረግ የሟች የእህት ልጅ ናት፤ የእንቁ ልጅ። ከገበያው አጠገብ ትንሽ ሱቅ አላት። ሦስት ልጆች ወልዳ አሳድጋለች። ፊቷን በጥፍሯ ቧጥጣ ድንኳኑ ውስጥ ተቀምጣ ሳለች ነው ጣሂራ ወደ ጓዳ የጠራቻት።

«መጨረሻ ያየሻቸው መቼ ነው?»

«እሁድ። ከቤተ ክርስቲያን ስንመለስ።»

«ትናንትስ?»

«ትናንት ገበያ ነው። ሱቄን ጥዬ የት እሄዳለሁ?»

«መድኃኒታቸውን የት ነው የሚያኖሩት?»

«አንገቷ ላይ ነዋ። ተኝታም አታወልቀው።»

«አሁን የለም።»

«እኔ ምን አውቃለሁ? ያ ልጅ ወስዶት ይሆናል።»

«የትኛው ልጅ?»

«ከአዲስ አበባ ካሜራ ይዞ የመጣ አለ አሉ። ሮቤል ነው ምንትስ። ትናንት እዚህ ነበር፤ ዛሬ የለም።» አፍንጫዋን በነጠላዋ ጫፍ ጠረገች። «ወይ ደግሞ ዚያድን ጠይቂው። እሱ ነው ሙችልኝ ሲላት የኖረው።»

ጣሂራ ለመውጣት ስትነሳ እንዲያው በአፏ መጣና ጠየቀች። «ቴሌቪዥኑን ማን ሸፈነው?»

«እኔ ነኝ። ሙሚና ስትጮህ ሮጬ መጣሁ፤ ሸፈንኩት። የለቅሶ ቤት አይደለም እንዴ?»

«ልክ ነሽ» አለች ጣሂራ።

ክፍሉን ስታልፍ የሆነ የኮመጠጠ ነገር ሸተታት። ከለቅሶ ቤት ምን ያልሸተተ አለ? አለፈች።

ዚያድ የጫት ነጋዴ ነው። አጥሩ ከእትዬ ፈለቀች አጥር ጋር ተደግፎ ነው የቆመው። አይሱዙው ጫት ሊጭን ሲያጓራ እሳቸው ቴሌቪዥኑን ይጨምራሉ፤ እሳቸው ሲጨምሩ እሱ ጥሩምባ ይነፋል። እንዲህ ሲኖሩ ነው።

ድንኳኑ ውስጥ ስሙ ከአፍ ወደ አፍ እየዞረ ነበር። ጣቢያ ሲገባ ፊቱ አመድ መስሏል።

«"ይቺ ሴትዮ ሞታ በተገላገልኩ" ብለሃል» አለችው ጣሂራ።

«ብያለሁ። ወላሂ ብያለሁ። አንቺስ ባልሽን ስንቴ ሙትልኝ ብለሽዋል?»

«ስለ ባሌ አልጠየቅኩህም።»

«እሱም አልሞተም፤ እኔም አልገደልኩም።»

«ትናንት የት ነበርክ?»

«ገለምሶ። ጎማ ፈንድቶብኝ እዚያው አደርኩ። ጎሚስታውን ጠይቂ፣ ሆቴሉን ጠይቂ፣ ኬላውን ጠይቂ። አቦ፣ ሰው እንዴት በቴሌቪዥን ድምፅ ሰው ይገድላል?»

«ከዚህ ባነሰም ነገር ሰው ተገድሏል።»

ዚያድ ጠረጴዛው ላይ ተደገፈ። ድምፁ ወረደ። «ሚስቴ ደውላልኝ ነበር። "ዛሬስ ጎረቤትህ ሰላም ሰጠችን፤ ገና ሳይመሽ ዘጋችው" አለችኝ። ሳቅን። ያ ረቢ። ሳቅን እኮ።»

ጣሂራ እስክሪብቶዋን አስቀመጠች። «ገና ሳይመሽ?»

«ገና ሳይመሽ።»

ገለምሶ ተደወለ። ጎሚስታውም፣ ሆቴሉም፣ ኬላውም አንድ ዓይነት መልስ ሰጡ። ሆኖም ተስፋዓለም ሊለቀው አልፈለገም። «ሕዝቡ ተቆጥቷል። ለጊዜው እዚሁ ይቆይ» አለ።

«ሕዝቡ ስለተቆጣ ነው ወይስ ስለገደለ ነው የሚታሰረው?»

«አንቺ ደግሞ ግትር ነሽ።»

«እናቴም እንዲሁ ትለኛለች። ልጁን ላግኘው፤ ከዚያ የፈለግከውን ታስራለህ።»

የሮቤል ስልክ ዝግ ነው። ያረፈበት ሆቴል «ትናንት ከሰዓት ሻንጣውን ይዞ ሚኒባስ ተሳፈረ፤ ወደ ሚኤሶ ነው» አሉ። ሟች ቤት ገብቷል፤ በዚያው ቀን ጠፍቷል፤ ስልኩን ዘግቷል። ከዚህ በላይ ምን ይፈለጋል? ጣሂራ ራሷ ልታምን ደርሳ ነበር።

በማግስቱ ወደ ሚኤሶ ወረደች። ቁልቁለቱን እንደጨረሱ ሙቀቱ ፊት ላይ ይለጠፋል። ከባድ መኪኖች መንገዱን ግራና ቀኝ ይዘው ቆመዋል። ልጁን ለማግኘት አልተቸገረችም። ሚኤሶ ላይ በጠራራ ፀሐይ ካሜራ ደቅኖ የቆመ ሰው አንድ ብቻ ነው። የድሮውን ባቡር ጣቢያ እያነሳ ነበር።

«ሮቤል?»

«አቤት።»

«ስልክህን ለምን ዘጋህ?»

«ባትሪው ሞቶ ነው። ያደርኩበት ቤት መብራት የለም። ምነው?»

«እትዬ ፈለቀች ሞተዋል።»

ካሜራውን ሊጥለው ነበር። መሬት ላይ ተቀመጠ። ጣሂራ ብዙ አስመሳይ አይታለች፤ ይሄ የማስመሰል አቀማመጥ አይደለም። ቢሆንም ጥላ ሥር ወስዳ ጠየቀችው።

«ምን ፈልገህ ነው የሄድክባቸው?»

«የድሮ ተዋንያንን እየቀዳሁ ነው። ዋና ዋናዎቹን ሁሉም ያውቃቸዋል። እኔ የምፈልገው ከኋላ የሚቆሙትን ነው።» እንባውን በክንዱ ጠረገ። «አንድ ድምፅ ቀጂ የነበሩ ሰው ሞተው ልጆቻቸው ዕቃ ሲያራግፉ ካሴት አገኙ። ሳይደመሰስ የቀረ። እትዬ ፈለቀች አሉበት። እሱን ላፕቶፕ ላይ ገልብጬ ላሳያቸው ነው የመጣሁት።»

«አዩት?»

«አዩት። ራሳቸውን ሲያዩ የመጀመሪያቸው ነው። እጃቸውን አፋቸው ላይ አድርገው… ድገመው፣ ድገመው አሉኝ።»

«አሳየኝ።»

ላፕቶፑን ከፈተ። በጥላውም ሥር ሆኖ ለማየት አንገት ማስገባት ያስፈልጋል።

ግራጫ ክፍል። አንዲት የደላት ሴት ሶፋ ላይ ተቀምጣ ባሏ ጥሏት ስለሄደ ትናገራለች። ከጭንቅላቷ በላይ የማይክራፎን ጥላ ይወዛወዛል። ጥጉ ላይ፣ ግማሽ አካሏ ከምስሉ ውጪ፣ አንዲት ቀጭን ሠራተኛ የሴትዮዋን ሕፃን ይዛ ቆማለች። ፈለቀች ናት። ኮረዳ ናት።

ሕፃኗ አለቀሰች። ማልቀስ ያልነበረባት ይመስላል፤ ዋናዋ ሴት ደንገጥ ብላ ንግግሯን ቀጠለች። ሠራተኛዋ ሕፃኗን ወደ ደረቷ አስጠጋች። ጎንበስ ብላ አንድ ነገር አለቻት። ከንፈሯ ይታያል፤ ድምፁ የለም።

«ምን አለቻት?»

«አይታወቅም። ማይኩ አንድ ነው፤ ዋናዋ ላይ ነው የሚንጠለጠለው። ጥግ የቆመ ሰው ቢጮህም አይሰማም።»

ሕፃኗ ዝም አለች። ሠራተኛዋ ቀና ስትል ግራጫ ቀሚሷ ደረቷ ጋ ጠቁሯል። እርጥብ ነው። እያየኸው ይሰፋል።

«ላብ ነው» አለ ሮቤል። «የዚያን ጊዜ መብራት እሳት ነው። እሳቸውም ላብ ነው ብለዋታል።»

ጣሂራ ቀና አለች። «ማንን?»

«የእህታቸውን ልጅ። አብራን አይታ ነበር። እኔ "ሕፃኗ የማን ናት?" ስላቸው ደስ ብሏቸው "ይቻትና! የእህቴ ልጅ ናት፤ እሷም ተዋናይ ነበረች" ብለው አሳዩኝ። ሴትዮዋ ግን አልሳቀችም። ቀሚሱ ላይ በጣቷ ነክታ "ይሄ ምንድነው?" አለቻቸው።»

«ትናንት… ማለቴ ሰኞ? የሺሐረግ ቤቱ ውስጥ ነበረች?»

«አዎ። ስወጣም ትቻቸው ነው የወጣሁት።»

ጣሂራ ምስሉን ራሷ ወደ ኋላ መለሰችው። እንደገና አየች። እሷ አራት ወልዳለች። ከወሊድ ፈቃድ በተመለሰች ሰሞን ችሎት ፊት ቆማ ምስክርነት ስትሰጥ ከሩቅ የሰው ሕፃን አለቀሰ። ሸሚዟ ዳኛው ፊት ረጠበ። ላብ ከብብትና ከጀርባ ይጀምራል። ይሄ ከሌላ ቦታ ነው የጀመረው።

«ዕቃህን ያዝ» አለችው። «ወደ ጭሮ እንመለሳለን።»

ሬሳው ከሆስፒታል ተመልሶ ቀብሩ በዚያው ቀን ከሰዓት ሆነ። ጣሂራ ከቀብር መልስ ድንኳኑ ጋ ሙሚናን አገኘቻት። ሙሚና እጁን ለሚታጠበው ሰው የውኃ ጆግ ይዛ ቆማለች። ጆጉ ስለ ፈሰሰው ወተት የሰማችውንና ክፍሉ ውስጥ የሸተታትን የኮመጠጠ ነገር ለጣሂራ አስታወሳት።

«አዴ ሙሚና፣ ያን ጠዋት ወተቱን የት ደፉት?»

«ወተቱን? አንቺ ደግሞ፣ ሰው ሞቶ ስለ ወተት ትጠይቂያለሽ?»

«የት ነው የፈሰሰው?»

«እጇን ስይዝ አመለጠኝ። ፊት ለፊት ነው የሄደው። ወደ ቴሌቪዥኑ።»

«ቴሌቪዥኑ ያኔ ክፍት ነበር?»

ሙሚና አሰበች። ጆጉን አወረደች። «ተሸፍኖ ነበር» አለች ቀስ ብላ። «ነጭ ነገር ነበር። አላስተዋልኩትም እኮ። ሰው የሞተበት ቤት ስለሆነ ትክክል መሰለኝ።» አፏን ያዘች። «እንዴ! መሞቷን ገና እኔ ነኝ ያየሁት።»

ሁሉም የተሳሳተው እዚያ ላይ ነው። ሰው ለቅሶ ቤት ገብቶ የተሸፈነ ቴሌቪዥን ቢያይ ማን ሸፈነው አይልም።

ጣሂራ ወደ ቤት ገባች። የሺሐረግ ብቻዋን መደቡ ላይ ተቀምጣለች። ጣሂራ በሩን ዘጋች። ወደ ቴሌቪዥኑ ሄዳ ነጠላውን አነሳችና ወደ አፍንጫዋ አስጠጋችው።

«ኮምጥጧል» አለች።

የሺሐረግ አላየቻትም።

«ይህን መቼ ነው የሸፈንሽው?»

«ነግሬሻለሁ። ሙሚና ስትጮህ…»

«ሙሚና ወተቱን የደፋችው ከመጮኋ በፊት ነው። ወተቱን የጠጣው ነጠላው ነው። ነይ እይ፤ መስታወቱ ላይ ጠብታ የለም።»

ከውጭ አንዲት አልቃሽ ዜማ አወጣች። ሌሎቹ ተቀበሏት።

«ቴሌቪዥኑ ሳይመሽ ነው የተዘጋው። የዘጋውም የሸፈነውም እትዬ ፈለቀች መሞታቸውን ያወቀ ሰው ነው። ሌባ አይሸፍንም። ባለ ጠብም አይሸፍንም። የሚሸፍነው ሐዘንተኛ ነው።» ጣሂራ ነጠላውን አጠፈችው። «ሰኞ እዚህ ነበርሽ። ካሴቱን አይተሻል። እኔም አይቼዋለሁ። ላብ አይደለም።»

የሺሐረግ ያን ጊዜ ቀና አለች።

«አይደለም አይደል?» አለች። እንደ ሕፃን ነው የጠየቀችው። «አንቺም አየሽው? አይደለም አይደል?»

«አይደለም።»

«እንቁ በሕይወቷ አዲስ አበባን ረግጣ አታውቅም። አራስ ልጇ እንዴት ብላ እዚያ መብራት ሥር ገባች? አርባ ዓመት አልፎኝ፣ ሦስት አጥብቼ፣ ይህን ሳልጠይቅ ኖርኩ።» ሳቀች፤ ሳቁ ደስ አይልም። «ልጁ ሲወጣ በሩን ዘጋሁ። "እናቴ ነሽ?" አልኳት። "ላብ ነው አንቺ ባለ ሱቅ፣ ምን ነካሽ" ብላ ቀለደች። እሷ ስትጨንቃት ትቀልዳለች። "እንቁ ናት እናትሽ። እኔ አክስትሽ ነኝ" አለች። እንደ ድራማዋ። እዚያም ሠራተኛ፣ እዚህም አክስት። ለራሷ ልጅ እንኳ ዋናውን አልሠራችልኝም!»

«ከዚያስ?»

«እንቁ የሞተች ቀን ትዝ አለኝ። እኔ መሬት ላይ እየተንከባለልኩ እሷ ይህን ሳጥን ታያለች። ያን ቀን እናቴን ቀበርኩ ብዬ ነው እኮ ያለቀስኩት! የወለደችኝ እዚያው ወንበር ላይ ተቀምጣ ነበር። "ለምን ያን ቀን አልነገርሽኝም?" ብዬ ጮህኩባት። ትንፋሿ መቆራረጥ ጀመረ። መድኃኒቱን ልትይዝ ስትል ክሩን ጎተትኩት። ተበጠሰ። እጄ ላይ ቀረ።»

የነጠላዋን ጫፍ ጣቷ ላይ ጠመጠመች።

«"አንዴ ልጄ በይኝና እሰጥሻለሁ" አልኳት። ሌላ ምንም አልጠየቅኳትም። "በይ፣ በይኝ፣ በይኝ" እላታለሁ። ትንፋሽ የላት፣ በምን ትበለኝ?» ደረቷን መታች። «ከንፈሯ ተንቀሳቀሰ። የሆነ ነገር ብላለች። አልሰማሁም። ጎንበስ ስል አልቃለች።»

«መድኃኒቱ የት ነው?»

የሺሐረግ እጇን ቀሚሷ ውስጥ ከታ ጥቁር ክር ሳበች። ሰማያዊዋ ዕቃ ከደረቷ ወጣች። የተበጠሰውን ክር ቋጥራ አንገቷ ላይ አስራው ነበር። አንጠልጥላው ነው ያለቀሰችው፤ ቀብር የሄደችውም እሱን አድርጋ ነው።

«ከዚያ ሬሳዋን አየሁ። ቴሌቪዥኑ ይጮሃል። አጠፋሁት። ነጠላ አውጥቼ ሸፈንኩት። እናቴ ሞታለች እኮ፤ ማን ይሸፍንልኝ?»

ዚያድ በዚያው ምሽት ተለቀቀ። በማግስቱ ድንኳኑ ውስጥ ገብቶ ተቀመጠ። ማንም ይቅርታ አልጠየቀውም፤ ቦታ ግን ለቀቁለት። «አሁን ደግሞ ጸጥታው እንቅልፍ ነሳኝ» አለ።

የሺሐረግ ቃሏን ጣቢያ ሰጠች። ምንም አልካደችም። ተስፋዓለም ጥያቄውን ሲጨርስ «የምትጨምሪው አለ?» አላት።

«ያን ካሴት አንዴ ልየው።»

ተስፋዓለም ጣሂራን አየ። ጣሂራ በሩን ከፍታ ሮቤልን ጠራችው። እሱም ቃሉን ሊሰጥ ኮሪደሩ ላይ ተቀምጦ ነበር።

ላፕቶፑን ጠረጴዛው ላይ ከፈተላት። ግራጫው ክፍል መጣ። ዋናዋ ሴት ስለ ባሏ አወራች። ጥጉ ላይ ሕፃን አለቀሰች። ቀጭኗ ሠራተኛ ጎንበስ አለች። ከንፈሯ ተንቀሳቀሰ።

«እዚህ ጋ» አለች የሺሐረግ። «መልስልኝ።»

መለሰላት። ከንፈሯ እንደገና ተንቀሳቀሰ።

«ድምፁን ጨምርልኝ።»

«እትዬ፣ እዚያ ጋ ድምፅ የለውም። ማይኩ ሌላዋ ላይ ነው።»

«ጨምርልኝ አልኩህ።»

ሮቤል ጣሂራን አየ። ጣሂራ ወደ መስኮቱ ዞረች። ልጁ እስከ መጨረሻው ጨመረው። ክፍሉን የዋናዋ ሴት ንግግርና የካሴቱ ሹሹታ ሞላው። የሺሐረግ በካቴና የታሰሩ እጆቿን ጭኗ ላይ አድርጋ ጆሮዋን ወደ ስክሪኑ አስጠጋች።